ለመዝፈኛው መኪና ድምፅ የሚሰጠው ማን ነው?

በዚህ መጽሔት ላይ ስለ ምግብ ቤቱ ወጥ፣ ስለ መኝታ ክፍሉ ጥበትና ስለ ፈተናው ክብደት ብዙ ጊዜ ተጽፏል፤ ወደፊትም እንደሚጻፍ አንጠራጠርም። እኛ ዛሬ የምናነሣው ጉዳይ ከዚህ ሁሉ ራቅ ያለ ይመስላል። ይኸውም ሳንባና ጉሮሮ ሳይኖረው የሚዘፍን መኪና ነገር ነው። መኪና ስንል በኮምፒዩተር ውስጥ የሚሠራ ሶፍትዌር ማለታችን ነው። ግጥምና ዜማ ሲጽፉለት በሰው ድምፅ አድርጎ ያዜመዋል፤ አይደክመውም፣ አይጠማውም፣ ብርድ መትቶትም ድምፁ አይዘጋም። ይሁን እንጂ አሠራሩን ጠጋ ብለን ስንመረምረው ሥራው ከኢንጂነሩ ጠረጴዛ በፊት ከቋንቋ ተማሪው ደብተርና ከባላገሩ ዘፋኝ ደጃፍ የሚጀምር ሆኖ አግኝተነዋል። እኛ ደግሞ የቋንቋና የሥነ ጽሑፍ ተማሪዎች፣ ትውልዳችንም በምሥራቅ ጎጃም፣ በጎንቻ ሲሶ እነሴ ወረዳ፣ ጉንደ ወይን ስለሆነ ነገሩ በሁለት ወገን ይመለከተናል።

በመጀመሪያ ታሪኩን ባጭሩ እናውሳ። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1961 በአሜሪካ አገር ቤል ላብስ በተባለው የምርምር ተቋም፣ ጆን ኬሊና ካሮል ሎክባም የተባሉ ተመራማሪዎች አይቢኤም 704 የተባለውን ትልቅ ኮምፒዩተር አዘፈኑት፤ አጃቢውን ሙዚቃ ማክስ ማቲውስ አዘጋጀለት። ያ ኮምፒዩተር ከማንም ዘፋኝ ድምፅ አልተበደረም። የሰው ጉሮሮና አፍ እንደ ቧንቧ ተቆጥሮ፣ አየር በቧንቧው ውስጥ ሲያልፍ ምን ዐይነት ድምፅ እንደሚያወጣ በሒሳብ ተሰልቶ የተገኘ ዝማሬ ነበር። ቃሉ ይሰማል፤ ድምፁ ግን የማንም ሰው አልነበረም።

ዛሬ በሰፊው የታወቀው መንገድ ከዚህ የተለየ ነው። በ2000 እ.ኤ.አ. ያማሃ የተባለው የጃፓን ኩባንያ በስፔን አገር በባርሴሎና ከተማ ካለው ከፖምፔው ፋብራ ዩኒቨርሲቲ ጋር ሆኖ ምርምር ጀመረ። ፍሬውም በ2003 እ.ኤ.አ. ቮካሎይድ በሚል ስም ለሕዝብ ተነገረ፤ በ2004 እ.ኤ.አ. ደግሞ ሌዎንና ሎላ የተባሉ ሁለት የእንግሊዝኛ ድምፆች ተሠርተውለት ለሽያጭ ቀረበ። በነሐሴ 2007 እ.ኤ.አ. ክሪፕተን ፊውቸር ሚዲያ የተባለ የጃፓን ኩባንያ ሃትሱኔ ሚኩ የተባለችውን አወጣ። ሚኩ ረጅም አረንጓዴያማ ጠጉር ያላት የሥዕል ልጃገረድ ናት፤ ሥዕሏ በብርሃን ኃይል መድረክ ላይ እየታየ እልፍ ሕዝብ ያጨበጭብላታል። ድምፁ ግን ከሥዕል አልወጣም። ሳኪ ፉጂታ ከተባለች የድምፅ ተዋናይት አፍ የተቀዳ ነው። የሚኩን ስም ሰምቶ የፉጂታን ስም ያልሰማ ብዙ ሰው አለ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። አስቀድሞ ባለ ድምፁ ይመረጣል። ቀጥሎ ዝርዝር ይጻፋል። ይህ ዝርዝር የዘፈን ግጥም አይደለም፤ በቋንቋው ውስጥ አንዱ ድምፅ ከሌላው ጋር የሚገናኝባቸው መገናኛዎች የተሰበሰቡበት ነው። ሰው ሲናገር ድምፆችን እንደ ጡብ ለየብቻ አይደረድርምና፤ አንዱን ሳይጨርስ ምላሱና ከንፈሩ ወደሚቀጥለው ይሰናዳል። «ሰላም» ስንል ከ«ሰ» ወደ «ላ» የምንሻገርበት ቅጽበት ራሱ ድምፅ አለው። መኪናው ያን ቅጽበት ካላገኘ ቃሉ ተሰብሮ የተጠገነ ሸክላ ይመስላል። ለጃፓንኛ ወደ 500፣ ለእንግሊዝኛ ወደ 2,500 የሚጠጋ መገናኛ ያስፈልጋል ይባላል።

ባለ ድምፁ ጸጥ ወዳለ ክፍል ገብቶ ይህን ዝርዝር ያዜማል። አብዛኛው ትርጉም የሌለው ሐረግ ነው። በአንድ ልክ ከፍታ፣ በአንድ ልክ ፍጥነት፣ ሳያሽሞነሙን መዝፈን አለበት። ያንኑ ዝርዝር ደግሞ ዝቅ አድርጎ፣ ማኻል ላይ፣ ከፍ አድርጎ ይደግመዋል፤ የሰው ድምፅ ከፍ ሲልና ዝቅ ሲል መልኩ ጭምር ይለወጣልና። ከዚህ በኋላ እንደ ርስት ክፍያ ያለ የወሰን ማካለል ሥራ ይመጣል። የተቀዳው ድምፅ በማዕበል መልክ በመስኮቱ ላይ ይታያል፤ እያንዳንዱ ድምፅ የት ጀምሮ የት እንደሚያልቅ ችካል ይተከልለታል። ኮምፒዩተሩ የመጀመሪያውን ግምት ይሰጣል፤ ሰው እያዳመጠ ያርመዋል።

ሦስተኛው ሥራ የድምፁን ከፍታ ከድምፁ መልክ መለየት ነው። ከፍታው የሚመጣው በማንቁርት ውስጥ ካሉት የድምፅ አውታሮች መርገብገብ ሲሆን፣ መልኩ የሚመጣው ከጉሮሮና ከአፍ ቅርፅ ነው። ሁለቱን ሳይለዩ ከፍ እናድርግ ቢሉ በፍጥነት እንደተለቀቀ ካሴት የአይጥ ድምፅ ይሆናል። ሁለቱ ከተለዩ በኋላ ግን መኪናው አንዱን ቁራጭ ወደተፈለገው ከፍታ ያወጣዋል፣ አናባቢውን ያስረዝመዋል፣ መጋጠሚያውን ያለሰልሰዋል። ምቱም የራሱ ሥርዓት አለው፤ አናባቢው ልክ በከበሮው ምት ላይ እንዲያርፍ ተነባቢው ጥቂት ቀደም ብሎ መነሣት አለበት። ዘፋኝ ይህን ሳያስበው ያደርገዋል፤ መኪናው ግን ካልነገሩት አያውቀውም።

እንግዲህ እዚህ ላይ አንድ ነገር ግልጽ ይሆናል። መኪናው የሚዘፍነው የተጠየቀውን ብቻ ነው። በዝርዝሩ ያልተጻፈ ድምፅ በቀረጻው የለም፤ በቀረጻው የሌለ ደግሞ በዘፈኑ ውስጥ አይገኝም። ስለዚህ ዝርዝሩን የሚጽፈው ሰው ቋንቋውን ባያውቀው መኪናው ዕድሜ ልኩን አኮላታፋ ሆኖ ይኖራል።

ይህን ወደ አማርኛ እናምጣው። አማርኛ ሠላሳ ያህል ተነባቢዎችና ሰባት አናባቢዎች አሉት። እያንዳንዱ ተነባቢ ከእያንዳንዱ አናባቢ በፊት ሲመጣ 210 መገናኛ ይሆናል፤ ከአናባቢው በኋላ ሲመጣ ሌላ 210፤ ባጠቃላይ 420 ነው። በሦስት ከፍታ ይዘፈን ብንል 1,260 ደረሰ። ይህም ተነባቢ ከተነባቢ የሚጋጠምበትን ሳንቆጥር ነው።

የሚያስገርመው የዚህን ዝርዝር ከፊል አባቶቻችን ጽፈው የቆዩን መሆኑ ነው። በየኔታ ጉባኤ የተማረ ልጅ ሁሉ ሀሁን በዜማ ቆጥሯል። 33ቱ ፊደላት በሰባት ሲባዙ 231 ናቸው፤ ድምፃቸው አንድ የሆኑት ሀ፣ ሐ እና ኀን የመሳሰሉት ሲቀነሱ የሚተርፈው ከላይ ካሰብነው ከመጀመሪያው ክፍል ጋር ይቀራረባል። ልጁ ቀጥሎ አቡጊዳን ይቆጥራል። «አ፣ ቡ፣ ጊ፣ ዳ፣ ሄ፣ ው፣ ዞ» እያለ ተነባቢውንም አናባቢውንም ባንድነት እየለወጠ ይሄዳል። ብዙዎቻችን በልጅነታችን አቡጊዳ ለማደናገር የተሠራ ይመስለን ነበር። ነገር ግን ሀሁ የማይሰጠውን የሚሰጥ እርሱ ነው፤ ከአናባቢ ወደ ሌላ ተነባቢ የሚደረገውን ሽግግር ያሰማናልና። ባርሴሎና ላይ የተጻፈው ዝርዝርና ሣር ላይ ተቀምጦ የሚቆጠረው አቡጊዳ የተሠሩበት ዓላማ የተለያየ ቢሆንም፣ ቋንቋን ወደ ድምፅ ቁራጮች ለመዘርዘር የተገኙ የአንድ ቤት ልጆች ናቸው።

የቀረው ነገር ግን እኛን ይጠብቃል። ፊደላችን የማያሳየው ነገር አለ፤ እርሱም መጥበቅና መላላት ነው። «ገና» ላልቶ ሲነበብ ጊዜው አልደረሰም ማለት ነው፤ ጠብቆ ሲነበብ በዓሉ ነው። «ዋና» ላልቶ የውኃ ዋና፣ ጠብቆ ከሁሉ የሚበልጥ ማለት ነው። «አለ» ላልቶ ተናገረ፣ ጠብቆ ይገኛል ማለት ነው። አንባቢ ከዐረፍተ ነገሩ ስሜት ይለየዋል፤ መኪናው ግን «ገና» ተብሎ ቢጻፍለት የትኛውን ይዝፈን? ፈረንጅ የሠራውን ዝርዝር ወስደን ብንገለብጥ መጥበቅ የሚባል ነገር አይገኝበትም፤ በዓሉና መዘግየቱም በዘፈን ውስጥ አንድ ይሆናሉ።

ሁለተኛው ችግር ጠ፣ ጨ፣ ጰ፣ ጸ እና ቀ ናቸው። እነዚህ ድምፆች ሲነገሩ ጉሮሮ ይዘጋል፣ ለቅጽበት ጸጥታ ይሆናል፣ ከዚያም ድምፁ ይፈነዳል። ሲጠብቁ ጸጥታው ይረዝማል። «ወጣ» ብላችሁ በዝግታ አዚሙት፤ ማኻሉ ላይ ባዶ ቦታ ይሰማችኋል። ወሰን የሚያካልለው ኮምፒዩተር ይህን ባዶ ቦታ የትንፋሽ ማረፊያ አድርጎ ሊቆርጠው ይችላል። ያን ጊዜ ጎጃሜው ዘፋኝ ያለ ጥፋቱ ተንተባተበ ማለት ነው። አማርኛ የሚሰማ ጆሮ ያለው ሰው አጠገቡ ተቀምጦ «ይህ ጸጥታ የቃሉ አካል ነው» ማለት አለበት።

በአማርኛ የድምፅ ሥራ ጨርሶ አልተጀመረም ለማለት አይደለም። በ2004 እ.ኤ.አ. ሰብስቤ ኃይለ ማርያም ከውጭ አገር ባልደረቦቻቸው ጋር ሆነው ከተቀዳ ድምፅ ቁራጮች እየመረጠ አማርኛ የሚያነብ ሥርዓት መሥራታቸውን በጥናት አቅርበዋል። በ2005 እ.ኤ.አ. ደግሞ ሰሎሞን ተፈራ አባተና ባልደረቦቻቸው ከ100 ሰዎች የተቀዳ ወደ 20 ሰዓት የሚጠጋ የአማርኛ ንባብ ክምችት ለምርምር አዘጋጅተዋል። ዛሬ ትልልቅ ኩባንያዎች የሚያቀርቧቸው አማርኛ አንባቢ ድምፆች አሉ፤ ማይክሮሶፍት ለሁለቱ መቅደስና አምሃ የሚል ስም ሰጥቷቸዋል። ንባብና ዘፈን ግን ለየቅል ናቸው። ንባብ አናባቢውን አሳጥሮ ያልፋል፤ ዘፈን አናባቢው ላይ ይኖርበታል።

በክረምቱ ዕረፍት ጉንደ ወይን በነበርንበት ጊዜ ይህንኑ በጥቂቱ ለመሞከር አሰብን። በሰፈራችን በሠርግ አውራጅነታቸው የታወቁ አንዲት እናት አሉ። እርሳቸው ሲያወርዱ ተቀባዩ ሁሉ ልቡ ይነሣል። በለቅሶም ጊዜ ሙሾ ያወርዳሉ። ዝርዝራችንን ጽፈን፣ የስልካችንን መቅጃ ይዘን ሄድን። ዋናው ቤት የቆርቆሮ ክዳን ስለሆነ ዝናሙ አላስቀዳ አለን፤ ስለዚህ ሣር ክዳን ወደሆነው ማድ ቤት ገባን። በዚያ ዝናሙ አይጮኽም፤ ጭቃውና ጭዱም የገደል ማሚቶውን ይውጠዋል። ለቀረጻ የሚሆን ጸጥታ በዋጋ እንደሚሠራ አንብበን ነበርና የጎጃም ማድ ቤት በነጻ ሲሰጠን ተደሰትን።

«መ፣ ሙ፣ ሚ፣ ማ» ብለው በአንድ ልክ እንዲይዙልን ጠየቅናቸው።

«ይኼማ ቆጠራ ነው» አሉን እየሣቁ። «ልጆቹ የኔታ ዘንድ የሚሉትን እኮ ነው የምታስብሉኝ።»

ጀመሩልን። ነገር ግን እያንዳንዱን መጨረሻ ላይ ሲደርሱ ድምፃቸውን ያወዛውዙታል፤ ከታች አንሥተው ወደ ላይ ያንሸራትቱታል።

«እናት ዓለም፤ ሳይወዛወዝ ቀጥ አድርገው ይያዙልን» ብንላቸው፣

«ኧረ ልጆቼ፤ ድምፅን አስሮ ማቆም ምን ይባላል?» አሉን። ቢሆንም ሞከሩልን፤ ከግማሽ ሰዓት በኋላ ጉሮሯቸው ደከመና ቡና ተፈላ።

ሁለተኛውን ስኒ ይዘው ሳለ ዝም ብለው ቆዩና፣ «ለመሆኑ ይኼ ዕቃ ድምፄን ከያዘ በኋላ እኔ ያላልሁትን ሊል ይችላል ማለት ነው?» ብለው ጠየቁን።

«አዎን፤ ይችላል» አልናቸው።

«እንግዲያው የሠርጉን ውሰዱ። የለቅሶውን አልሰጥም። ሰው ሳይሞት ሙሾ ማውረድ ሟርት ነው። ደግሞስ ለማላውቀው ሬሳ በኔ ድምፅ ማን ሊያለቅስ ነው?» አሉን። ጥቂት ቆይተውም «ስድብም እንዳታስብሉኝ» የሚል ጨመሩበት።

እኛም በዚህ ተስማማን። የተቀዳው ከኛ ስልክ አልወጣም፤ ለማንም ሶፍትዌር አልተሰጠም። ከዚያን ቀን ወዲህ ግን ስለ መዝፈኛው መኪና ያለን ሐሳብ ቦታውን ለወጠ። እርሳቸው በቡና መኻል የጠየቁን ጥያቄ ከዝርዝራችን ሁሉ ቀድሞ መጻፍ የነበረበት ጥያቄ ነው። ከዚህም በላይ አንድ ሰው አንድ ድምፅ ብቻ እንደሌለው አስተምረውናል። የሠርጉ ድምፃቸውና የለቅሶው ድምፃቸው ከአንድ ጉሮሮ ቢወጡም የተለያየ ቦታ፣ የተለያየ ጊዜና የተለያየ ባለቤት አላቸው። የሠርጉ የሙሽሮቹ ነው፤ የለቅሶው የሟቹ ነው።

የማወዛወዙም ነገር ቀላል አይደለም። እነዚህ ሶፍትዌሮች ዜማ የሚጻፍባቸው ሰሌዳ ብዙውን ጊዜ በፒያኖ ልክ የተሠራ ነው፤ አንዱ ስምንዮሽ በ12 እኩል ደረጃዎች ይከፈላል። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺ ሆዬ የተባሉት ቅኝቶቻችን ከአምስት አምስት ድምፆች የተሠሩ ናቸው፤ መሰንቆ ደግሞ አንድ ጭራ ብቻ ያለው ሲሆን ጣት የሚያርፍበት ቦታ በብረት አልተከለለም። መሰንቆ መቺው ጣቱን የሚያሳርፈው ጆሮው በፈቀደው ላይ ነው። የባላገር ዘፋኝም እንዲሁ ከድምፅ ወደ ድምፅ ተንሸራቶ ይሄዳል እንጂ በደረጃ አይዘልም። ሶፍትዌሩ የዜማውን መስመር በእጅ አጉብጦ ለመሣል ይፈቅዳል፤ ስለዚህ ነገሩ የሚቻል ነው። የሚሣለው ሰው ግን ቅኝቱን የሚያውቅ መሆን አለበት። እኛ «ቀጥ አድርገው ይያዙልን» ያልናቸውና እርሳቸው እምቢ ያላቸው ያ መወዛወዝ የጎጃሙ ዘፈን ራሱ ነበር።

ዜማን በጽሑፍ ይዞ ለማቆየት መሞከር በአገራችን አዲስ አይደለም። በ16ኛው ምዕተ ዓመት በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል የተባሉ ሊቃውንት ለቅዱስ ያሬድ ዜማ ምልክት እንዳበጁለት ይነገራል። ድፋት፣ ሂደት፣ ቅናት፣ ይዘት፣ ቁርጥ፣ ጭረት፣ ርክርክ፣ ድርስ እያልን የምንጠራቸው ናቸው። ከነዚህም ሌላ በድጓው ቃል አናት ላይ የሚጻፉ ትንንሽ ፊደላት አሉ፤ እነርሱም አንድን የታወቀ የዜማ ሐረግ ያስታውሳሉ። ሐረጉን ከመምህሩ አፍ ያልሰማ ሰው ምልክቱን ቢያይ አያዜመውም። ሊቃውንቱ ምልክቱ ድምፁን እንደማይተካ ያውቁ ነበርና መጽሐፉንና መምህሩን አልለያዩም። ይህን ስንል መኪናውን ለያሬድ ዜማ እናውለው ማለታችን አይደለም፤ ያ የሊቃውንቱ ጉዳይ ነው። ምሳሌውን ብቻ ነው የወሰድነው።

ባለፉት ዓመታት ደግሞ ሌላ መንገድ መጥቷል። አሁን ድምፅን ቆራርጦ መቀጠል ቀርቶ ኒውራል ኔትወርክ የሚባለው ሥርዓት ሙሉ ዘፈኖችን ከግጥማቸውና ከዜማቸው ጋር ሰምቶ የዘፋኙን አካሄድ ይማራል፤ የት እንደሚተነፍስ፣ የት እንደሚያወዛውዝ ሳይቀር። ድምፁ ከቀድሞው ይልቅ ለሰው ይቀርባል። ዳሩ ግን አንድ ነገር ተሰርዟል። ለቀድሞው መንገድ ባለ ድምፁ መጥቶ፣ ዝርዝሩን ተቀብሎ፣ እሺ ብሎ መዝፈን ነበረበት። አሁን ከዚህ በፊት የተቀዱ ዘፈኖቹ በቂ ናቸው፤ ሳይጠየቅ ድምፁ ሊወሰድ ይችላል።

ለዚህ የቅርብ ምሳሌ የሚሆነን የኛው ወገን ነው። ዘ ዊክንድ በሚል ስም ዓለም የሚያውቀው አቤል ተስፋዬ በ1990 እ.ኤ.አ. በካናዳ አገር በቶሮንቶ ከኢትዮጵያውያን ወላጆች የተወለደ፣ በአያቱ እጅ በአማርኛ ያደገ ነው። በሚያዝያ 2023 እ.ኤ.አ. ማንነቱን የሸፈነ ሰው የርሱንና የድሬክን ድምፅ በአርቲፊሻል ኢንተለጀንስ አስመስሎ አንድ ዘፈን አወጣ። ሁለቱም አልዘፈኑትም፤ ሕዝቡ ግን በብዛት አዳመጠው። ዩኒቨርሳል የተባለው የሙዚቃ ኩባንያ ከተቃወመ በኋላ ዘፈኑ ከዋና ዋናዎቹ የማዳመጫ አገልግሎቶች ወረደ። አቤል ተስፋዬ የሚቆምለት ኩባንያ አለው። የጉንደ ወይኗ አውራጅ ድምፅ ቢወሰድ ማን ይቆምላቸዋል?

በጃፓን ደግሞ በ1989 እ.ኤ.አ. ያረፈችው ታዋቂ ዘፋኝ ሂባሪ ሚሶራ በ2019 እ.ኤ.አ. አዲስ ዘፈን እንድትዘፍን ተደርጋ በኤንኤችኬ ቴሌቪዥን ቀረበች። ያለቀሱ ተመልካቾች ነበሩ፤ ሙታንን መዳፈር ነው ያሉም ነበሩ። በአገራችን በ20ኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ ግድም ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በጀርመን አገር በሸክላ ከተቀዱ ወዲህ የስንት አዝማሪ ድምፅ በሸክላ፣ በቴፕና በካሴት ተከማችቷል! ይህ ሁሉ ለአዲሱ መኪና የተዘጋጀ ምግብ መሆኑን ማስተዋል ይገባል።

አንዳንድ ጓደኞቻችን «አዝማሪስ ቢሆን የሌላውን ሰው ቃል በራሱ ድምፅ ይዘፍን የለምን?» ብለው ተከራክረውናል። እውነት ነው፤ አድማጩ «ተቀበል!» ብሎ ግጥም ይሰጠዋል፣ አዝማሪውም ተቀብሎ ያዜመዋል። ነገር ግን አዝማሪው ግጥሙን ሲቀበል ሊያጣምመው ይችላል፤ ካልወደደው መልሶ ሰጪውን ይወጋበታል። ሽልማቱንም እዚያው ግንባሩ ላይ ይለጠፍለታል። መኪናው ውስጥ የገባ ድምፅ ግን ማጣመምም፣ እምቢ ማለትም፣ መሸለምም አይችልም። ልዩነቱ ይህ ነው።

ሕግስ? በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ ዐዋጅ ቁጥር 410/1996 አለ። የደራሲውን ብቻ ሳይሆን የከዋኙንም መብት ይጠብቃል። የወጣውም ቮካሎይድ ለሽያጭ በቀረበበት በዚያው ዓመት ነው። ዐዋጁ የታሰበው የተከወነን ዘፈን ለመጠበቅ ነው፤ ከዘፈኖች የተማረ መኪና የባለ ድምፁን መልክ ይዞ ፈጽሞ አዲስ ዘፈን ሲያወጣ ምን እንደሚባል የሕግ ፋኩልቲ ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን ቢመረምሩልን ደስ ይለናል። በአሜሪካ የቴነሲ ግዛት በ2024 እ.ኤ.አ. ያወጣችው ሕግ የሰውን ድምፅ ራሱን የሚጠብቅ ስለሆነ ለማነጻጸር ይረዳል።

እኛ ግን ሕግ እስኪወጣ እጃችንን አጣጥፈን እንቀመጥ አንልም፤ መኪናው ይቅርብንም አንልም። አማርኛ የሚዘፍን መኪና መሠራቱ አይቀርም። በቋንቋው ጆሮ ባለው ሰው ቢሠራ ይሻላል። ድምፁ ለተዘጋ ዘፋኝ፣ ዜማ እያለው ድምፅ ለሌለው ደራሲ፣ ለሙዚቃ ተማሪም ይጠቅማል። ስለዚህ ሁለት ነገር እናሳስባለን።

አንደኛው ዝርዝሩ ነው። ከሀሁና ከአቡጊዳ ቀጥሎ የሚመጣውን ሦስተኛውን ገበታ፣ ማለትም የሚጠብቁና የሚላሉ ቃላትን እያጣመረ የሚያቀርበውን፣ የቋንቋ ተማሪዎች ልንጽፈው እንችላለን። ለዚህ ወረቀትና እርሳስ እንጂ ውድ መሣሪያ አያስፈልግም። እኛ ከጎንቻ አነጋገር ጀምረናል፤ የጎንደሩ፣ የወሎው፣ የሸዋውና የአዲስ አበባው ልጅ የየራሱን ቢጨምርበት ይሞላል።

ሁለተኛው ውሉ ነው። ማንኛውም ተማሪ ለጥናትም ይሁን ለጨዋታ የሰው ድምፅ ከመቅዳቱ በፊት አምስት ነገር በአማርኛ ጮክ ብሎ ለባለ ድምፁ ያንብብለት። ድምፁ ለምን እንደሚውል፤ ያላለውን ሊል እንደሚችል፤ የትኛውን ዐይነት ዘፈን እንደሚሰጥና የትኛውን እንደሚከለክል ራሱ የሚመርጥ መሆኑን፤ ከሚገኘው ገንዘብ ምን እንደሚደርሰው፤ ሐሳቡን ሲለውጥ ቀረጻው እንደሚጠፋለት። ማንበብ ለማይችል ሰው በወረቀት ላይ ጣቱን ማስነካት ብቻውን ፈቃድ አይባልም፤ መልሱም እንደ ዘፈኑ በድምፅ ይቀዳ። ማኅበራችን ይህን አምስት መስመር በአንድ ገጽ አባዝቶ ለየክፍሉ ቢያድል ወጪው ከአንድ ደስታ ወረቀት አይበልጥም።

ከዚህ በፊት ለምርምር ድምፅ የቀዳችሁ፣ ወይም በየአገራችሁ የቀረጻ ዝርዝር የጀመራችሁ ካላችሁ በሚቀጥለው እትም ጻፉልን፤ ገበታውን አብረን እንሙላው።